የሥራ ስንብት ክፍያ ፍርድ፤ የይግባኙ ቀንና በፍርድ ቤት የሚያዘው ገንዘብ

ከዳሞታ ተራራ ግርጌ የተቀመጠችው የወላይታ ሶዶ ከተማ ከጥንት ጀምሮ የገበያ ከተማ ናት። እህሉ፣ ዝንጅብሉ፣ ቅቤውና የቁም ከብቱ ከቦዲቲ፣ ከአረካ፣ ከገሱባና ከበሌ እየመጣ በእርስዋ በኩል ያልፋል። በ2015 ዓ.ም. የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል ሲመሠረትም የክልሉ የአስተዳደር መቀመጫ ሆናለች። በዚህ ሁሉ የንግድ እንቅስቃሴ ውስጥ በመጋዘኑ፣ በወፍጮ ቤቱ፣ በዳቦ ቤቱ፣ በሆቴሉና በነዳጅ ማደያው በደመወዝ የሚያገለግል ሠራተኛ አለ። ነጋዴው ሠራተኛውን ሲቀጥር ብዙ ጊዜ አይቸገርም፤ የሚቸገረው ሲለያይ ነው።

ነጋዴ የግብር መክፈያ ቀን መቼ እንደሚያልፍ ያውቃል። የባንክ ብድር የሚመለስበትንም ቀን በማስታወሻው ይጽፋል። የሥራ ክርክር ችሎት «ለከሳሽ የሥራ ስንብት ክፍያ ይክፈል» ብሎ ሲፈርድበት ግን ይግባኝ የሚልበት ጊዜ ስንት ቀን እንደ ሆነ፣ ይግባኝ ማለቱስ ክፍያውን የሚያቆም መሆን አለመሆኑን ሳያውቅ የሚቀር ጥቂት አይደለም። ባለማወቁም ሁለት ዓይነት ጉዳት ይደርስበታል፤ አንደኛው ትክክለኛ መከራከሪያ እያለው ጊዜ አልፎበት መብቱን ማጣቱ ነው፤ ሁለተኛው «ይግባኝ ብያለሁ» በማለት ተዘናግቶ ሳለ ንብረቱ በአፈጻጸም ትእዛዝ መያዙ ነው። ነገርን ከሥሩ ውሃን ከጥሩ ይባላልና፣ ይህ ትምህርት ጉዳዩን ከመነሻው ጀምሮ በተራ ያስረዳል።

1ኛ፤ የሥራ ስንብት ክፍያ ምንድር ነው?

በአገራችን የአሠሪና የሠራተኛ ጉዳይ ራሱን በቻለ ሕግ መተዳደር ከጀመረ ብዙ ዘመን ነው። በ1956 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 210፣ በ1968 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 64፣ በ1985 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 42፣ በ1996 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 377 በተከታታይ ወጥተዋል። ዛሬ የሚሠራበት አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው።

ይህ አዋጅ በ39ኛው አንቀጽ የሥራ ስንብት ክፍያ የሚሰጠው የሙከራ ጊዜውን ለጨረሰና የጡረታ ባለመብት ላልሆነ ሠራተኛ መሆኑን ይደነግጋል። የሚከፈልበትንም ምክንያት ይዘረዝራል። ከነዚህም ውስጥ ድርጅቱ በኪሣራ ወይም በሌላ ምክንያት ለዘወትር ሲዘጋ፣ አሠሪው ከሕግ ውጭ ውሉን ሲያቋርጥ፣ ሠራተኞች ሲቀነሱ፣ ሠራተኛው በአካል ጉዳት ምክንያት መሥራት አለመቻሉ በሕክምና ቦርድ ሲረጋገጥ የሚሉት ይገኛሉ።

ከሁሉ ይልቅ ነጋዴዎችን የሚያሳስተው ግን አንድ ሌላ ምክንያት ነው። «በገዛ ፈቃዱ የወጣ ሠራተኛ ምንም አይገባውም» የሚል አሳብ በገበያው ውስጥ ሥር ሰዷል። አዋጁ ግን ቢያንስ 5 ዓመት ያገለገለ ሠራተኛ ከሥልጠና ጋር የተያያዘ የአገልግሎት ግዴታ ከሌለበት በፈቃዱ ሥራውን ቢለቅም የስንብት ክፍያ እንዲያገኝ ፈቅዷል። በዚህ ነጥብ ላይ የሚነሣ ክርክር ብዙውን ጊዜ በነጋዴው ተሸናፊነት የሚያልቀው ስለዚህ ነው።

2ኛ፤ የሒሳቡ አሠራር

ሒሳቡ በ40ኛው አንቀጽ ተመልክቷል። ለመጀመሪያው ዓመት አገልግሎት የመጨረሻው ሳምንት አማካይ የቀን ደመወዝ በ30 ተባዝቶ ይከፈላል። ከዚያ በኋላ ለሚጨመረው ለያንዳንዱ ዓመት የዚህ ገንዘብ አንድ ሦስተኛ ይታከላል። ዓመት ያልሞላው ጊዜ በመጠኑ ይታሰባል። ጠቅላላው ክፍያ ከ12 ወር ደመወዝ አይበልጥም።

ምሳሌ እንውሰድ። አንድ የወፍጮ ቤት ሠራተኛ የቀን ደመወዙ 150 ብር ነው፤ ያገለገለውም 8 ዓመት ከ6 ወር ነው እንበል። ለመጀመሪያው ዓመት 30 በ150 ተባዝቶ 4,500 ብር ይሆናል። አንድ ሦስተኛው 1,500 ብር ስለ ሆነ ለቀጣዮቹ 7 ዓመታት 10,500 ብር ይታከላል። ለቀረው 6 ወር ደግሞ 750 ብር ይጨመራል። ድምሩ 15,750 ብር ነው።

ይህ ሠራተኛ የተሰናበተው ወፍጮ ቤቱ ለዘወትር በመዘጋቱ ወይም በሠራተኛ ቅነሳ ቢሆን ኖሮ የቀን ደመወዙ በ60 ተባዝቶ ተጨማሪ 9,000 ብር ይከፈለው ነበር። በዚያ ጊዜ ድምሩ 24,750 ብር ይደርሳል። ስለዚህ ይግባኝ ከማለቱ አስቀድሞ ነጋዴው በፍርዱ ላይ የተጻፈውን ገንዘብ በዚህ ዓይነት ራሱ ቢያሰላው መልካም ነው። ሒሳቡ ትክክል ሆኖ ከተገኘ ይግባኙ ድካምና ወጪ ብቻ ሊሆን ይችላል።

3ኛ፤ ከክሱ በፊት የሚያልፉ ቀኖች

ሕጉ ለሁለቱም ወገኖች ቀን ቆርጧል። አሠሪው ውሉ ከተቋረጠበት ቀን ጀምሮ በ7 የሥራ ቀኖች ውስጥ ለሠራተኛው የሚገባውን ደመወዝና ሌላ ክፍያ መክፈል አለበት። ሠራተኛው በእጁ ያለውን የድርጅቱን ንብረት ወይም ሒሳብ በራሱ ጥፋት ሳያስረክብ ቢዘገይ ይህ ጊዜ ሊራዘም ይችላል። በመጠኑ ላይ ክርክር ቢነሣ ነጋዴው ያመነውን ያህል በዚያው ጊዜ ውስጥ ከፍሎ የቀረውን ብቻ ሊከራከርበት ይገባል እንጂ፣ ሁሉን ይዞ መቀመጥ አልተፈቀደለትም።

ከአቅም በላይ የሆነ ምክንያት ሳይኖር ክፍያውን ያዘገየ አሠሪ እስከ 3 ወር የሚደርስ የሠራተኛውን ደመወዝ ተጨምሮ እንዲከፍል ፍርድ ቤት ሊያዝዝበት ይችላል። ከላይ በተሰጠው ምሳሌ የወር ደመወዙ 4,500 ብር ስለ ሆነ ቅጣቱ እስከ 13,500 ብር ይደርሳል። የ15,750 ብር ዕዳ በመዘግየት ብቻ 29,250 ብር ሊሆን ይችላል ማለት ነው።

በሠራተኛውም በኩል ጊዜው የተወሰነ ነው። ከሥራ ውል መቋረጥ የሚመነጭ የክፍያ ጥያቄ ውሉ ከተቋረጠበት ቀን ጀምሮ በ6 ወር ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል። ወደ ሥራ የመመለስ ጥያቄ ደግሞ በ3 ወር ውስጥ መቅረብ አለበት። ይህ በ163ኛው አንቀጽ ተጽፎ ይገኛል። የይርጋ መቃወሚያ ያለው ነጋዴ መቃወሚያውን በመጀመሪያው የመከላከያ መልሱ ላይ ያንሣው። በሥር ፍርድ ቤት ያላነሣውን ክርክር በይግባኝ አዲስ አድርጎ ለማቅረብ ሥነ ሥርዓቱ በር አይከፍትለትምና።

4ኛ፤ የይግባኝ 30 ቀን

የግል የሥራ ክርክር በመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት በተቋቋመው የሥራ ክርክር ችሎት ይታያል። ችሎቱ ክሱ በቀረበለት በ60 ቀን ውስጥ ውሳኔ መስጠት እንዳለበት አዋጁ ያዝዛል። በውሳኔው ቅር የተሰኘ ወገን ውሳኔው ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ በ30 ቀን ውስጥ ለይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት የሥራ ክርክር ችሎት ይግባኝ ማለት ይችላል። በወላይታ ይህ ይግባኝ ወደ ዞኑ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ያመራል።

እዚህ ላይ አንድ ትልቅ ስሕተት አለ። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ለተራ የፍትሐ ብሔር ጉዳይ የ60 ቀን የይግባኝ ጊዜ ይሰጣል። በውል ወይም በቦታ ክርክር ፍርድ ቤት የተመላለሰ ነጋዴ ይህን 60 ቀን ለምዶ ለሥራ ክርክርም እንዲሁ ይመስለዋል። በ45ኛው ቀን መዝገብ ቤት ሲደርስ ጊዜው ካለፈ 15 ቀን ሆኖታል። የሥራ ክርክር በልዩ አዋጅ የሚመራ ስለ ሆነ የሚሠራው የልዩ አዋጁ 30 ቀን ነው።

በአቆጣጠሩ ላይ የኢትዮጵያ የዘመን አቆጣጠር ለጸሓፊ ምቹ ነው። ወሮቻችን 30 ቀን ስለ ሆኑ ኅዳር 5 ቀን የተሰጠ ውሳኔ፣ ቈጠራው በማግሥቱ ሲጀመር፣ 30ኛው ቀን ታኅሣሥ 5 ይሆናል፤ የወሩን ስም መለወጥ ብቻ ይበቃል። አደጋው የሚመጣው በጳጉሜን ነው። ነሐሴ 20 ቀን የተፈረደበት ሰው «እስከ መስከረም 20 ጊዜ አለኝ» ቢል ይሳሳታል። ከነሐሴ 21 እስከ 30 ድረስ 10 ቀን፣ ጳጉሜን 5 ቀን፣ ተደምሮ 15 ይሆናል፤ የቀረው 15 ቀን መስከረም 15 ላይ ያልቃል። ጳጉሜን 6 በምትሆንበት በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ደግሞ መስከረም 14 ነው። ወሩ የፍርድ ቤት ዕረፍት ነው፣ በዓል ነው በማለትም መዘናጋት አይገባም። ጥንቁቅ ሰው 30ኛውን ቀን ለመጨረሻ ችግር ትቶ በ20ኛው ቀን ማመልከቻውን አስገብቶ ይጨርሳል።

የውሳኔው ግልባጭ እስኪደርስ መጠበቅም ሌላው የመዘግየት ምክንያት ነው። ጊዜው የሚቈጠረው ግልባጩ በእጅ ከገባበት ቀን አይደለም፤ ውሳኔው ከተሰጠበት ቀን ነው። ስለዚህ ፍርዱ በተነበበበት ዕለት የግልባጭ ማመልከቻ በጽሑፍ ማስገባት፣ ማመልከቻው የገባበትንና ግልባጩ የተሰጠበትን ቀን የሚያሳይ ማስረጃም መያዝ ያሻል።

5ኛ፤ ጊዜው ያለፈበት ሰው ምን ያድርግ?

የይግባኝ ጊዜ ካለፈ በኋላ ማስፈቀጃ ማቅረብ ይቻላል። ነገር ግን በቂ ምክንያት ያስፈልጋል፤ ማመልከቻውም እንቅፋቱ በተወገደ በ10 ቀን ውስጥ መቅረብ አለበት። የከባድ ሕመም ማስረጃ ያለው ሰው ሊሰማ ይችላል። «ጠበቃዬ ረሳው፣ ወኪሌ ቀኑን ሳተው» የሚል ምክንያት ግን እንደ በቂ ምክንያት አይቈጠርም። ለወኪል መስጠት ነጋዴውን ከኀላፊነት አያድነውም፤ ቀኑን በገዛ መዝገቡ መያዝ አለበት።

ነጋዴው ለዕቃ ግዢ ወደ አዲስ አበባ ወይም ወደ ሌላ አገር ሄዶ ሳለ ክሱ በሌለበት ታይቶ ቢፈረድበት መንገዱ የተለየ ነው። መጥሪያው በአግባቡ ያልደረሰው ወይም በበቂ ምክንያት ያልቀረበ ተከሳሽ ፍርዱን ካወቀበት ቀን ጀምሮ በ1 ወር ውስጥ ፍርዱ እንዲነሣለት ለፈረደው ፍርድ ቤት ማመልከት ይችላል። ይህን ትቶ በቀጥታ ወደ ይግባኝ መሄድ ያልተሰሙትን ምስክሮች የማሰማት ዕድል ሊያሳጣ ይችላል።

6ኛ፤ ይግባኝ ለማለት ገንዘብ ማስያዝ ግድ ነውን?

የአገሮች ሕግ በዚህ ረገድ ይለያያል። በህንድ አገር በ1972 እ.ኤ.አ. የወጣው የአገልግሎት ጉርሻ ክፍያ ሕግ ለአሠሪው የ60 ቀን የይግባኝ ጊዜ ሰጥቶ ነበር፤ በበቂ ምክንያትም ሌላ 60 ቀን ሊጨመር ይችል ነበር። ዳሩ ግን አሠሪው የተፈረደበትን ገንዘብ በሙሉ ካላስቀመጠ ይግባኙ ከቶ አይቀበሉለትም ነበር። የዚህ ደንብ አሳብ ግልጽ ነው፤ ሀብታሙ ይግባኝን የማዘግያ መሣሪያ አድርጎ ሠራተኛውን በረኃብ እንዳያሸንፈው ለመከላከል ነው።

በኢትዮጵያ ሕግ ይግባኙ በመዝገብ ቤት ተቀባይነት እንዲያገኝ የፍርዱን ገንዘብ አስቀድሞ ማስያዝ አይጠየቅም። የሥራ ክርክርም ከዳኝነት ክፍያ ነፃ ነው። ይህን ሰምቶ ግን ነጋዴው ደስ ብሎት መቀመጥ የለበትም። ይግባኝ ማለት ብቻውን የፍርዱን አፈጻጸም አያግድም። ሠራተኛው የፍርድ ባለመብት ነውና ይግባኙ ገና ሳይሰማ የአፈጻጸም መዝገብ ማስከፈት ይችላል። የነጋዴው የባንክ ሒሳብ ወይም የመጋዘን ዕቃ ሊያዝ የሚችለውም በዚህ መካከል ነው።

አፈጻጸሙ እንዲቆም የሚፈልግ ይግባኝ ባይ ለይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት በቃለ መሐላ የተደገፈ የእግድ ማመልከቻ ያቀርባል። የሥነ ሥርዓቱ ሕግ ከ332ኛው እስከ 335ኛው አንቀጽ ድረስ ይህን ይመለከታል። እግድ የሚሰጠው ሦስት ነገሮች ሲሟሉ ነው፤ አንደኛ አፈጻጸሙ ቢቀጥል በአመልካቹ ላይ ከባድ ጉዳት የሚደርስ መሆኑ፣ ሁለተኛ ማመልከቻው ያለ አግባብ ሳይዘገይ መቅረቡ፣ ሦስተኛ ፍርዱ ቢጸና ለመፈጸሙ ዋስትና መሰጠቱ ናቸው።

እንግዲህ በሌሎች አገሮች በይግባኙ ደጃፍ የሚጠየቀው ገንዘብ በእኛ አገር በእግዱ ደጃፍ ይጠየቃል ማለት ነው። ፍርድ ቤቱ ገንዘቡ በሞዴል 85 እንዲያዝ ካዘዘ ነጋዴው ገንዘቡን ገቢ አድርጎ ደረሰኙን ከመዝገቡ ጋር ያያይዛል። የዕለቱን ትእዛዝ ግልባጭ ለአፈጻጸም ችሎቱ ማድረስ የነጋዴው የራሱ ሥራ ነው፤ እግድ መሰጠቱን ያላወቀ ችሎት አፈጻጸሙን ይቀጥላልና።

ገንዘቡን ማስያዝ ለነጋዴው ጉዳት ብቻ መስሎ ሊታይ ይችላል። ነገሩን መርምሮ ላየው ግን ጥቅምም አለው። ለሠራተኛው በቀጥታ የተከፈለ ገንዘብ ፍርዱ በይግባኝ ቢሻር እንዲመለስ ቢታዘዝም ከተበላ በኋላ ማስመለሱ አስቸጋሪ ነው። በፍርድ ቤት የተያዘ ገንዘብ ግን ፍርዱ ከተሻረ ለነጋዴው ይመለሳል፤ ፍርዱ ከጸና ደግሞ ለሠራተኛው ወዲያው ይሰጣል፤ የንብረት መያዝና የሐራጅ ውርደትም አይከተልም። ሠራተኛውም በበኩሉ ገንዘቡ መኖሩን ስለሚያውቅ በትዕግሥት ይጠብቃል።

7ኛ፤ ከይግባኝ በኋላ

ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ቅሬታውን ሰምቶ የማያስቀርብ ሆኖ ካገኘው መልስ ሰጪውን ሳይጠራ መዝገቡን ሊዘጋው ይችላል። ካስቀረበው ግን ሁለቱን አከራክሮ ይወስናል። በሥራ ክርክር በይግባኝ የተሰጠ ውሳኔ በአዋጁ መሠረት የመጨረሻ ነው፤ ሁለተኛ ይግባኝ የለም። የሚቀረው የሰበር አቤቱታ ብቻ ነው። ሰበር ምስክር አይመዝንም፣ ሒሳብም እንደ ገና አይደምርም፤ የሚመረምረው በመጨረሻ ፍርድ ላይ መሠረታዊ የሕግ ስሕተት መኖሩን ነው። «ዳኛው ምስክሬን አላመነልኝም» የሚል ነጋዴ ወደ ሰበር ቢሄድ ድካሙ ከንቱ ነው።

8ኛ፤ ለድርጅቱ ጸሓፊ የሚሆን ማስታወሻ

ይግባኝ የሚረታውም የሚሸነፈውም ብዙ ጊዜ ከክርክሩ በፊት በተያዘው መዝገብ ነው። ስለዚህ የድርጅቱ ጸሓፊ የሚከተሉትን ቢያደርግ ለባለንብረቱ ትልቅ አገልግሎት ይሰጣል፤

ሀ) የያንዳንዱን ሠራተኛ የቅጥር ቀን፣ የደመወዝ ለውጥና የጡረታ መዋጮ ምዝገባ በአንድ ፋይል ይያዝ።
ለ) ደመወዝ የተከፈለበት ዝርዝር ሠራተኛው ፈርሞበት ይቀመጥ፤ ፊርማ የሌለው ክፍያ በክርክር ጊዜ እንዳልተከፈለ ሊቈጠር ይችላል።
ሐ) ሠራተኛው ሲሰናበት ምክንያቱ በጽሑፍ ይሰጠው፤ የደረሰበትም ቀን ይመዝገብ።
መ) የታመነበት ገንዘብ በ7 የሥራ ቀኖች ውስጥ ይከፈል፤ ደረሰኙም ይያዝ።
ሠ) ፍርድ በተሰጠ ዕለት በግድግዳው የቀን መቁጠሪያ ላይ 20ኛውና 30ኛው ቀን በቀይ ቀለም ይከበቡ፤ የግልባጭ ማመልከቻም በዚያው ዕለት ይግባ።
ረ) የይግባኝ ማመልከቻውና የእግድ ማመልከቻው በአንድ ቀን ይቅረቡ፤ ለዋስትና የሚሆነውም ገንዘብ አስቀድሞ ይዘጋጅ።

በመጨረሻ ለነጋዴዎቻችን ሊታሰብ የሚገባው አንድ ነገር አለ። ለ8 ዓመት ከ6 ወር ወፍጮውን ሲያስፈጭ የኖረ ሰው የሚጠይቀው 15,750 ብር ከሦስት ወር ተኩል ደመወዙ አይበልጥም። ለድርጅቱ ይህ አንድ የጭነት መኪና እህል የማይገዛ ገንዘብ ነው፤ ለሠራተኛው ግን ሌላ ሥራ እስኪያገኝ ድረስ የቤት ኪራይና የልጆች ቀለብ ነው። ፍርዱ የተሳሳተ እንደ ሆነ ይግባኝ የነጋዴው ሙሉ መብት ነውና በጊዜው ይጠቀምበት። ፍርዱ ትክክል እንደ ሆነ ግን 30ውን ቀን በክርክር ከመፍጀት ከፍሎ በሰላም መለያየት ይበልጣል። ሶዶ ሰው ከሰው የሚተዋወቅባት ከተማ ናት፤ ዛሬ በመልካም የተሰናበተ ሠራተኛ ነገ ደንበኛ ሆኖ ይመለሳል፤ ተበድሎ የወጣው ግን የድርጅቱን ስም በየገበያው ይዞት ይዞራል።